የዶስና የድሮ ሲዲ ጌሞች ዊንዶውስ 11 ላይ፦ አራቱም በየራሳቸው ምክንያት እምቢ አሉ

ፍላሽ_ዲስክ፦

ሰላም ለሁላችሁ። ማሽኑ ኮር አይ5 ላፕቶፕ ነው፤ 8 ጊጋ ራም፣ ግራፊክሱ አብሮት የመጣው ኢንቴል፣ ዊንዶውስ 11 (24ኤች2 የሚባለው ስሪት)። አራት ጌም ልጭን ብዬ አራቱም አስቸገሩኝ።

ፕሪንስ ኦፍ ፐርዢያ፣ የዶሱ (ከዊንዶውስ በፊት የነበረው ሲስተም)፦ ፋይሉን ስነካው «ይህ አፕ በዚህ ፒሲ ላይ አይሠራም» የሚል ሳጥን ይመጣል፤ በቃ።

ኒድ ፎር ስፒድ 3፣ ከሲዲ፦ ሴትአፑ ራሱ አይከፈትም። ያው መልእክት ነው።

ጄኔራልስ ዜሮ አወር፦ ይጫናል። ስከፍተው ሥዕሉ ብልጭ ይልና «ከባድ ስህተት አጋጥሞሃል» ብሎ ወደ ዴስክቶፕ ይመልሰኛል።

ሳን አንድሪያስ፦ ይሠራል፤ ግን ውኃ ውስጥ ሲዋኝ ይንቀራፈፋል፣ ማውሱም አንዳንዴ ከነጭራሹ ይሞታል።

ኮምፓቲቢሊቲ ውስጥ ገብቼ ከዊንዶውስ 95 ጀምሮ ያለውን ሁሉ ሞክሬያለሁ። ዳታ ውድ ስለሆነ ዝም ብዬ የማገኘውን ሁሉ ማውረድ አልፈልግም። የቱ ለየትኛው እንደሆነ የሚያውቅ ካለ ይንገረኝ።

የጥንቱ_ዶስ፦

ወንድም፣ በመጀመሪያ ኮምፓቲቢሊቲ ውስጥ ምልክት ያደረግክበትን ሁሉ አንሳው። ያ ሞድ ለጌሙ «እኔ ኤክስፒ ነኝ» ብሎ ይዋሽለታል፣ ጥቂት የድሮ አሠራሮችንም ያስመስልለታል፤ የሌለ ነገር ግን አያመጣም። እንዲያውም ሳታጠፋው ከቀረህ፣ በኋላ የምታደርገውን ትክክለኛ ነገር ያበላሽብሃል። ጌሞችህ የተሰናከሉት በተለያየ ቦታ ስለሆነ ለሁሉም አንድ መድኃኒት አትፈልግ። እኔ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ልውሰድ።

ፕሪንስና የኒድ ፎር ስፒድ ሴትአፕ ችግራቸው አንድ ነው፤ ሁለቱም 16 ቢት ናቸው፣ ማለትም በአሮጌው አሠራር የተሠሩ። ዊንዶውስ ውስጥ እንዲህ ያሉትን ፕሮግራሞች የሚያስኬደው ክፍል ያለው በ32 ቢት ዊንዶውስ ላይ ብቻ ነው፤ 64 ቢቱ ላይ መቼም አልተካተተም። ዊንዶውስ 10 የ32 ቢት እትም ነበረው፣ 11 ግን የወጣው በ64 ብቻ ነው። ስለዚህ በሴቲንግ የሚፈታ ነገር የለም።

ኒድ ፎር ስፒድ 3 ላይ የሚያናድደው ጌሙ ራሱ 32 ቢት መሆኑ ነው። የ1998 ጌም ነው፤ በዚያን ጊዜ ጌሙን በ32 ሠርቶ ሴትአፑን በአሮጌው 16 ቢት ኢንስቶለር ማሸግ የተለመደ ነበር። ስለዚህ ሴትአፑን ዝለለው። ሲ ድራይቭ ላይ አንድ ፎልደር ክፈት፤ ሲዲው ውስጥ ያሉትን «ጌምዳታ» እና «ኤፍኢዳታ» የተባሉ ፎልደሮች እዚያ ገልብጥ፤ ከዚያ አፍቃሪዎቹ የሠሩትን «ሞደርን ፓች» አውርደህ እዚያው ላይ ፍታው። ሴትአፕም ሬጅስትሪም ሳያስፈልግ ይነሳል። ፕሮግራም ፋይልስ ውስጥ ግን አታስቀምጠው። ዊንዶውስ እዚያ ውስጥ መጻፍን ስለሚከለክል የድሮ ጌም ሴቭ ሲያደርግ ፋይሉን በጓዳ በር ቨርቹዋልስቶር ወደሚባል ስውር ፎልደር ይወስድበታል፤ ኋላ «ሴቬ ጠፋ» ትላለህ።

ለፕሪንስ ዶስቦክስ ጫን፤ የድሮ የዶስ ኮምፒዩተርን የሚያስመስል ፕሮግራም ነው። ከሁለት ሜጋባይት ብዙም አይበልጥም፣ ስለ ዳታው አታስብ። ትዕዛዝ መጻፍም አያስፈልግህም፦ የጌሙን ፋይል በማውስ ይዘህ ጎትተህ ዶስቦክስ አይከን ላይ ጣለው፤ ፎልደሩን ራሱ ሲ ድራይቭ አድርጎ ይከፍትልሃል።

ሰው በብዛት የሚጣበቅባቸውን ልንገርህ፦

ፍጥነት። ዶስቦክስ የኮምፒዩተሩን ፍጥነት የሚለካው «ሳይክልስ» በሚባል ቁጥር ነው፤ ከመስኮቱ አናት ላይ ታየዋለህ። ሲነሳ 3000 ነው። በግምት 6000 አካባቢ ባለ 33 ሜጋኸርዝ 386 ነው፣ 25000 አካባቢ ደግሞ ባለ 66ቱ 486። ኮንትሮልና ኤፍ12 ይጨምራል፣ ኮንትሮልና ኤፍ11 ይቀንሳል። ለፕሪንስ 8000 ከበቂ በላይ ነው። ተስማሚውን ካገኘህ በኋላ ከስታርት ሜኑ የዶስቦክስን ኦፕሽንስ ክፈትና ሳይክልስ በሚለው መስመር ላይ «ኦቶ» የሚለውን «ፊክስድ 8000» ብለህ ቀይረው። ይህ ቀልድ አይደለም፤ እንደ ዊንግ ኮማንደር ያሉት የራሳቸው ሰዓት ስለሌላቸው ፕሮሰሰሩ በቻለው ልክ ይሮጣሉ፣ ጠላት ሳታየው ገድሎህ ያልፋል። የድሮ ኮምፒዩተሮች ፊት ላይ «ተርቦ» የሚል ቁልፍ የነበረውም ለዚህ ነው፤ ስሙ ማፍጠኛ ይምሰል እንጂ የሚፈለገው ለማዘግየት ነበር።

ሥዕሉ ትንሽዬ ሆኖ መቅረቱ። እዚያው ፋይል ውስጥ «አውትፑት» የሚለው «ሰርፌስ» ከሆነ የመስኮቱን መጠን ብትቀይርም አይሰማህም። «ኦፕንጂኤል» አድርገው፣ ከዚያ «ዊንዶው ረዞሉሽን» ላይ 1024x768 ጻፍ። «አስፔክት» የሚለውንም «ትሩ» በለው፤ ጌሙ የተሳለው በ320 በ200 ሲሆን በድሮው ስክሪን ላይ ወደ ላይ ተለጥጦ ነበር የሚታየው፤ ካልለጠጥከው ልዑሉ አጭርና ወፍራም ይሆናል።

ድምፅ። ሌሎች የዶስ ጌሞች ሴትአፕ ሲያስከፍቱህ ሳውንድ ብላስተር ምረጥና አድራሻ 220፣ አይአርኪው 7፣ ዲኤምኤ 1 በል። ዶስቦክስ የሚነሳው በእነዚህ ነው፤ ብዙ ጌም ግን 5ን ይገምትና ዝም ይላል።

ፕሪንስን ለብቻው ከፈለግከው ደግሞ ኤስዲኤልፖፕ የሚባል አለ። የዶሱን ፕሮግራም ፈታተው፣ እንደገና ጽፈው ለዛሬ ዊንዶውስ ያዘጋጁት ነው። ዶስቦክስ አያስፈልገውም። ዋናውን መልክ ለሚፈልግ ግን ዶስቦክስ ይሻላል፤ ይሄ የእኔ አስተያየት ነው።

ኤክስፒ_ለዘላለም፦

ይሄን ሁሉ ከምትለፋ ቨርቹዋልቦክስ ላይ (ዊንዶውስ ውስጥ ሌላ ዊንዶውስ የሚያስኬድ ፕሮግራም ነው) ኤክስፒ ጫንና አራቱንም እዚያ አጫውት። አንድ ጊዜ ጨርሰህ ትገላገላለህ።

ጥቁር_ስክሪን፦

@ኤክስፒ_ለዘላለም ለካርታ ጨዋታ ይሆናል። ከ6.1 ወዲህ ያለው ቨርቹዋልቦክስ ለኤክስፒ የ3ዲ ድጋፉን አንስቷል። ሳን አንድሪያስን እዚያ ላይ ብትከፍተው ወይ አይነሳም ወይ ሥዕል በሥዕል ይሄዳል። በዚያ ላይ 8 ጊጋውን ራም ለሁለት ትከፍለዋለህ።

@ፍላሽ_ዲስክ ጄኔራልስን እኔ ልውሰደው። ሦስት ነገር በተራ ነው የሚታየው፤ አንዱን ሳትጨርስ ወደ ሌላው አትዝለል።

መጀመሪያ ሲዲው። ጄኔራልስ በሲዲ ሲወጣ ሴፍዲስክ የሚባል መቆለፊያ ነበረው። መቆለፊያው የራሱን ድራይቨር ዊንዶውስ ውስጥ እስከ ውስጠኛው ክፍል ያስገባ ነበር፤ የደህንነት ቀዳዳ ስለተገኘበት ማይክሮሶፍት በ2015 ዊንዶውስ 10 ላይ ከነጭራሹ ከለከለው፣ በዚያው ዓመት መስከረም ላይ ደግሞ በአፕዴት ከ7 እና ከ8ም ላይ ዘጋው። ስለዚህ ዋናው ሲዲ በእጅህ ቢሆንም ጌሙ «ሲዲ አስገባ» ሊልህ ወይም ዝም ብሎ ሊጠፋ ይችላል። ድራይቨሩን አስገድዳችሁ መልሱ የሚሉ ቪዲዮዎችን አትከተል፤ በሩን ለማንም ከፍተህ መተኛት ነው። ከ2024 ጀምሮ ጄኔራልስ ያለበት የኮማንድ ኤንድ ኮንከር ስብስብ ስቲም ላይ (የጌም መሸጫው) አለ፣ መቆለፊያው የለበትም። ያንተ ግን ሥዕሉን እስከ ማሳየት ከደረሰ ምናልባት ይህን አልፎታል።

ሁለተኛ፣ ይህ ነው የአብዛኛው ሰው ችግር፦ ጌሙ ሲነሳ ዶክዩመንትስ ውስጥ «ኮማንድ ኤንድ ኮንከር ጄኔራልስ ዜሮ አወር ዳታ» በሚል ፎልደር «ኦፕሽንስ» የተባለ አይኤንአይ ፋይል ይፈልጋል። በአዲስ ዊንዶውስ ላይ ብዙ ጊዜ አይፈጥረውም፣ ሳያገኘው ሲቀር «ከባድ ስህተት» ብሎ ይወድቃል። መልእክቱ ስለ ቫይረስና ስለ ሙቀት ያወራል፤ አትመነው። ኖትፓድ ክፈት፣ አንድ መስመር ጻፍ፦ ረዞሉሽን፣ የእኩል ምልክት፣ ከዚያ 1366 768 (ወይም የስክሪንህን ልክ፣ በሁለቱ ቁጥሮች መሃል ባዶ ቦታ እንጂ ኤክስ አይገባም)። በላቲን ፊደል መሆኑን መቼም ታውቀዋለህ።

እዚህ ላይ ሁለት ወጥመድ አለ። ኖትፓድ ስሙ ላይ ቲኤክስቲ ይጨምርና ዊንዶውስ ያንን ይደብቅብሃል፤ ፋይሉ ትክክል ይመስልሃል፣ ጌሙ ግን አያየውም። ሴቭ ስታደርግ ከታች ያለውን የፋይል ዓይነት «ኦል ፋይልስ» አድርገው። ሌላው ዋንድራይቭ ነው፦ በርቶ ከሆነ ዶክዩመንትስህ ሁለት ቦታ ሊኖር ይችላል፣ አንዱ ዋንድራይቭ ውስጥ፣ አንዱ ውጭ። ዶክዩመንትስ ላይ ራይት ክሊክ፣ ፕሮፐርቲስ፣ ሎኬሽን ብለህ የሚያሳይህ አድራሻ ነው ትክክለኛው።

ሦስተኛ፣ ይህን ሁሉ አልፎ ሜኑው ከተንቀራፈፈ ወይም ስክሪኑ ከጠቆረ ዲጂቩዱ2 አውርድ። የድሮ ዳይሬክትኤክስን ቋንቋ ወደ 11 ወይም 12 የሚተረጉም ነው፤ ጥቂት ሜጋባይት ብቻ ነው። ጄኔራልስ ዳይሬክትኤክስ 8 ስለሆነ «ኤምኤስ» ፎልደር ውስጥ «ኤክስ86» ከሚለው ላይ ዲ3ዲ8 የተባለውን ዲኤልኤል ብቻ ወስደህ ጌሙ ፎልደር ውስጥ አስቀምጥ። ከኤክስ64 ከወሰድከው በ7ቢ የሚያልቅ ረጅም የስህተት ቁጥር ይመጣል፤ ትርጉሙ 64 ቢት ዲኤልኤል 32 ቢት ፕሮግራም ውስጥ አስገብተሃል ነው። በትክክል ከገባ ጌሙ ሲከፈት ከስክሪኑ ታች ቀኝ ጥግ ላይ የዲጂቩዱ ምልክት ታያለህ። ምልክቱ ከሌለ ጌሙ አላነበበውም ማለት ነው፤ ወይ የተሳሳተ ፎልደር ነው፣ ወይ ዲፌንደር (የዊንዶውስ ጸረ ቫይረስ) ፋይሉን ወስዶታል። ሲያልቅ ምልክቱን ከመቆጣጠሪያው ማጥፋት ትችላለህ።

አንድ ነገር ላክልበት። «ዲ3ዲኤክስ9_43 የለም» የሚል ከመጣብህ ያንን አንድ ዲኤልኤል ከየድረ ገጹ አትልቀም። የሰኔ 2010ን የዳይሬክትኤክስ ጥቅል ከማይክሮሶፍት አውርድ፤ ወደ 96 ሜጋባይት ነው። ካለህ ዳይሬክትኤክስ 12 ጋር አይጋጭም፣ ጎን ለጎን ይቀመጣል። ለያንተ ጌሞች ግን ያለ ምክንያት አታውርደው።

ፍላሽ_ዲስክ፦

ፕሪንስ ተነሳ! ኒድ ፎር ስፒድም ሠራ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ሁለት ነገር ቀረኝ። ፕሪንሱ ላይ ልዑሉ ሳልነካው ወደ ግራ ይሮጣል፣ ግድግዳ ላይ ይለጠፋል። ጄኔራልስ ደግሞ ፋይሉን በትክክል አስቀምጬዋለሁ (ቲኤክስቲ የለውም፣ ዋንድራይቭ ጠፍቷል)፤ ያው ስህተት ነው። ፎልደሩ ሲ፣ ዩዘርስ፣ ከዚያ ስሜ በአማርኛ፣ ከዚያ ዶክዩመንትስ ነው።

የጥንቱ_ዶስ፦

ጌምፓድ ተሰክቷል አይደል? ዶስቦክስ እንደ ድሮ ጆይስቲክ ያየዋል፤ መሃሉ በትክክል ካልተለካ ልዑሉ የተገፋ ይመስለዋል። ጌሙ ውስጥ ኮንትሮልና ኬ ብትጫን ወደ ኪቦርድ ይመለሳል። ለዘለቄታው ኦፕሽንስ ፋይሉ ውስጥ «ጆይስቲክ ታይፕ» የሚለውን «ነን» አድርገው።

ያው ከመጣህ አይቀር፦ ሴቭ የሚደረገው በኮንትሮልና ጂ ነው፣ ከ3ኛው ደረጃ በፊት ግን አይቀበልህም። መልሶ የሚከፍተው ኮንትሮልና ኤል። ጌሙን ለመጨረስ ከተሰጠህ 60 ደቂቃ የቀረው አብሮ ሴቭ ይሆናል፣ ስለዚህ 20 ደቂቃ ሲቀርህ ገና 4ኛው ላይ ከሆንክ ያንን ሴቭ እርሳው። ከ1ኛው ደረጃ በኋላ ብልቃጥ የተደረደረበት ክፍል ከገባህ ደግሞ ጌሙ አልተበላሸም። ከመመሪያ መጽሐፉ ላይ አንድ ፊደል እየጠየቀህ ነው፤ የዚያን ዘመን መቆለፊያ እንዲህ ነበር።

ግዕዝ_ፊደል፦

የጄኔራልስህ መልስ ጽሑፍህ ውስጥ አለ፦ «ስሜ በአማርኛ»።

ዊንዶውስ ፕሮግራሞች ፋይል የሚጠሩበት ሁለት መንገድ አለው። አዲሱ ዩኒኮድ ነው፣ የዓለምን ፊደል ሁሉ ይይዛል። አሮጌው ደግሞ በየአገሩ ኮድ ገጽ የሚሠራ ነው፤ ለአረብኛ አንድ፣ ለሩሲያኛ አንድ፣ ለዕብራይስጥ አንድ እያለ። ለግዕዝ ፊደል ማይክሮሶፍት እንዲህ ያለ ገጽ ሠርቶ አያውቅም፤ ፊደላችን ወደ ዊንዶውስ የገባው በዩኒኮድ ብቻ ነው። የ2003 ጌም በአሮጌው መንገድ የዶክዩመንትስን አድራሻ ሲጠይቅ እያንዳንዱ የስምህ ፊደል ወደ ጥያቄ ምልክት ይቀየራል። «ከበደ» ሦስት ጥያቄ ምልክት ይሆናል ማለት ነው። ጥያቄ ምልክት ደግሞ ዊንዶውስ ላይ በፋይል ስም ውስጥ የተከለከለ ነው። ጌሙ እንዲህ ያለ ፎልደር ሊከፍትም ሊፈጥርም አይችልም፣ ይወድቃል። ሩሲያዊው በሩሲያኛ ዊንዶውስ ላይ ይህ ችግር ላይገጥመው ይችላል፤ እኛን ግን ሁልጊዜ ነው። ለዚህ ነው በእንግሊዝኛ የተጻፉ መመሪያዎች ላይ እምብዛም የማታገኘው።

መፍትሔው ስምህን ከሴቲንግ መቀየር አይደለም። የሚታየው ስም ይቀየራል፣ ዩዘርስ ውስጥ ያለው ፎልደር ግን አካውንቱ ሲፈጠር የወጣለትን ስም ይዞ ይቀራል። አዲስ አካውንት ክፈት፦ ሴቲንግስ፣ አካውንትስ፣ አዘር ዩዘርስ፣ ያለ ማይክሮሶፍት አካውንት፤ ስሙን በላቲን ፊደል፣ አጭርና ያለ ክፍተት። በእሱ ገብተህ ጌሙን ክፈት። ፋይሎችህ የድሮው አካውንት ላይ እንዳሉ ይቆያሉ።

ሌላ አማራጭ አለ፤ ሪጅን ውስጥ ለዩኒኮድ ላልሆኑ ፕሮግራሞች ዩቲኤፍ-8 ተጠቀም የሚል «ቤታ» የተባለ ሳጥን። እሱ ሲበራ አንዳንድ ጌም የአማርኛውን ፎልደር ያያል፤ ግን አንድ ፊደል አንድ ባይት ነው ብለው የተጻፉትን ሌሎች ያበላሻል። ዩቲኤፍ-8 ላይ አንድ የአማርኛ ፊደል 3 ባይት ነው። እኔ አልመክረውም።

ኪቦርዱንም አትርሳ። የአማርኛ ኪቦርድ በርቶ ጌም ከከፈትክ የደብሊው፣ ኤ፣ ኤስ፣ ዲ ቁልፎች ለአንዳንድ ጌም ባዶ ናቸው። ከመክፈትህ በፊት ዊንዶውስ ቁልፍንና ስፔስን ተጭነህ ወደ እንግሊዝኛ መልስ።

ፍላሽ_ዲስክ፦

አዲስ አካውንት ከፈትኩ፣ ጄኔራልስ ተነሳ። ኦፕሽንስ ፋይሉን ግን እዚያም በእጄ መጻፍ ነበረብኝ። ዲጂቩዱም አላስፈለገውም። ሳን አንድሪያስ ብቻ ቀረ።

ፍሬም_ገደብ፦

ዋኙ የሚንቀራፈፈው ፍሬም ሊሚተሩን ስላጠፋኸው ነው። ጌሙ የተሠራው መጀመሪያ በ2004 ለፕሌይስቴሽን 2 ነው፣ ፒሲ ላይ የመጣው በ2005። ብዙ እንቅስቃሴው በሰከንድ 30 ከማይሞላ ፍሬም ጋር ተቆራኝቷል፤ ላፕቶፕህ 100 እና ከዚያ በላይ ሲያወጣ ስሌቱ ይዛባል። ዲስፕሌይ ሴትአፕ፣ አድቫንስድ፣ ፍሬም ሊሚተር፣ አብራው። ትንሽ ሸካራ ይመስላል፣ ግን እሱ ነው ትክክለኛው።

ለማውሱና ለሌላው ዝርዝር ስህተት ሳይለንትፓች የሚባለውን ማስተካከያ አስገባ፤ እንዲህ ያሉ ማስተካከያዎችን ጌሙ ውስጥ የሚጭነው ኤኤስአይ ሎደር ከሌለህ አይነበብም፣ ሁለቱንም ጌሙ ዋና ፎልደር ውስጥ አድርግ። ፓቹን ካስገባህ በኋላ ከጅምሩ ከወደቀ ዶክዩመንትስ ውስጥ ከጌሙ ፎልደር ጂቲኤ_ኤስኤ የሚል በኤስኢቲ የሚያልቅ ፋይል አለ፤ አጥፋው። የሚጠፋው ሴቲንግ ብቻ ነው፤ ሴቮቹ በ«ቢ» የሚያልቁት ናቸው፣ እነሱን አትንካ።

24ኤች2 ላይ ስለሆንክ ደግሞ አንድ ልዩ ነገር አለ። ስኪመር የተባለችው የውኃ አውሮፕላን ከጌሙ ትጠፋለች፤ በማጭበርበሪያ ኮድ ብታወጣት ደግሞ የጌሙን ባለታሪክ ሲጄን ይዛው ሰማይ ላይ ትተኮሳለች። ዊንዶውስ ጌሙን አበላሸው ተብሎ ነበር፤ ጥፋቱ ግን የጌሙ ነው። ዳታ ፎልደር ውስጥ ያለው «ቬሂክልስ» የተባለ አይዲኢ ፋይል ለእያንዳንዱ ተሽከርካሪ የጎማ መጠን ይጽፋል፤ የስኪመር መስመር ላይ ግን አልተጻፈም፣ ምክንያቱም ከዚያ በፊት በነበረው ቫይስ ሲቲ ላይ እንደ ጀልባ ተመዝግባ ነበር። ጌሙ የጎደለውን ቁጥር ሳያጣራ ሚሞሪው ላይ ከቀደመው ተሽከርካሪ የቀረውን ያነብ ነበር፣ ያም በአጋጣሚ ልክ ሆኖ ወደ 20 ዓመት ሄደ። 24ኤች2 ሚሞሪው ላይ ያንን ቦታ ለሌላ ነገር ስለሚጠቀምበት የቀረው ቁጥር ተደመሰሰ።

አዲሱ ሳይለንትፓች ያስተካክለዋል። በእጅህ ከፈለግክ ፋይሉን ዴስክቶፕ ላይ ገልብጠህ በኖትፓድ ክፈት፣ በ460 የሚጀምረውን መስመር ፈልግ፣ መጨረሻው ላይ ኮማ አድርገህ እነዚህን አራት ቁጥሮች ጨምር፦ -1, 0.7, 0.7, -1። ኮማው የእንግሊዝኛው ይሁን፤ የእኛን ነጠላ ሰረዝ ካስገባህ ያንን መስመር አያነበውም። ከዚያ ወደ ዳታ ፎልደር መልሰው። ዋናውን ፋይል ከመተካትህ በፊት አንድ ኮፒ አስቀር።